ውሃ የሚጠጣ ዕንቁ፦ ለምናባዊ ዓለም የአስማት ድንጋይ ስትፈጥሩ

በምናባዊ ልቦለድም ሆነ በጌም ውስጥ የምናገኛቸው የአስማት ድንጋዮች አብዛኞቹ አንድ ዓይነት ሕመም አለባቸው፤ ሁሉን ይችላሉ። በጨለማ ያበራሉ፣ ቁስል ያሽራሉ፣ ጠላት ያቃጥላሉ፣ የተዘጋ በር ይከፍታሉ። ገጸ ባሕርይው ተቸገረ፣ ድንጋዩን ከኪሱ አወጣ፣ ችግሩ ተፈታ። ሁሉን የሚችል ድንጋይ ለታሪኩ የሚተወው ሥራ የለም። ስለዚህ "ምን ይሠራል?" ከማለታችሁ በፊት "ምን ያበላሸዋል?" ብላችሁ ጀምሩ። የሚያበላሸውን ካወቃችሁ ማን እንደሚጠብቀው፣ በምን እንደሚጠቀለል፣ ማን እንደሚያጭበረብርበት፣ የት አገር እንደሚወደድ ራሱ ይነግራችኋል።

ለዚህ ከእውነተኛ ድንጋይ የተሻለ አስተማሪ አላውቅም። እኔ የምመርጠው ኦፓል የተባለውን የከበረ ድንጋይ፣ የደላንታውን ነው። በደቡብ ወሎ ወገልጤና አካባቢ፣ በገደል አፋፍ ላይ ይወጣል። ወደ ዓለም ገበያ የገባው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ2008 ወዲህ ነው። ከዚያ በፊት በ1990ዎቹ የታወቀው የመንዝ ኦፓል ቡናማና ቶሎ የሚሰነጠቅ በመሆኑ ብዙ ገዢ አላገኘም ነበር። የደላንታው ነጣ ያለና ጥርት ያለ ሆኖ መጣ፤ ከሁሉም በላይ ግን ውሃ ይጠጣል።

ይህ ዘይቤ አይደለም። ኦፓል ውሃ ያዘለ ሲሊካ (አሸዋና መስታወት በብዛት የሚሠሩበት ንጥር) ነው፤ እንደ ኳርትዝ ያለ ፊትና ማዕዘን ያለው ክሪስታል አይደለም። ቀለሙን የሚሰጡት በዓይን የማይታዩ የሲሊካ ኳሶች ናቸው፤ ስፋታቸው ከ150 እስከ 300 ናኖሜትር ገደማ ሆኖ በሥርዓት ሲደረደሩ ብርሃንን ይበትኑታል። ትልልቆቹ ቀይ፣ ትንንሾቹ ሰማያዊ ያወጣሉ፤ ትልልቆቹ ብርቅ ስለሆኑም ቀይ ይወደዳል። በደላንታው ኦፓል ውስጥ ደግሞ እጅግ ብዙ ቀዳዳ አለ። ውሃ ውስጥ ስትከቱት ቀዳዳዎቹ ይሞላሉ፤ ድንጋዩም ከደቂቃዎች እስከ አንድ ሰዓት ባለው ጊዜ እንደ መስታወት ይጠራል፣ ቀለሙም ይደበዝዛል ወይም ጨርሶ ይጠፋል። ሲደርቅ መጀመሪያ አጓት መስሎ ይደፈርሳል፣ ከዚያ ቀለሙ ይመለሳል። ትንሹ በሰዓታት፣ ትልቁ በቀናት፣ አንዳንዱም ከሳምንት በላይ ቆይቶ። ሲጠጣ ክብደቱም ይጨምራል፤ ከክብደቱ አንድ አሥረኛ ያህል የሚጠጣ ድንጋይ ብርቅ አይደለም።

አሁን አስማቱን እንጨምር። በአማርኛ ስንጽፍ ብዙ ቋንቋ የሌለው ዕድል አለን፤ "አስማት" የሚለው ቃል ራሱ በግዕዝ "ስሞች" ማለት ነው። አስማቱ ከስም ይምጣ። ድንጋዩንም በሚያደርገው ነገር እንጥራው፦ የጥም ድንጋይ። ሕጉ አንድ ብቻ ይሁን። የሰው ስም የተነገረበትን የውሃ ጠብታ ከጠጣ፣ ውሃው በውስጡ እስካለ ድረስ ድንጋዩን የያዘው ሰው የሚናገረውን ባለ ስሙ የትም ሆኖ ይሰማል። ሌላ ምንም አይሠራም። ባለ ስሙ መመለስ አይችልም፤ መመለስ ከፈለገ የራሱ ድንጋይ ያስፈልገዋል።

ከእውነተኛው ድንጋይ የምንወስደው ትልቁ ነገር ይኼ ነው፦ እንደ እሳት የሚነደው፣ ቀይና አረንጓዴ የሚረጨው ድንጋይ ባዶ ነው። ስም የያዘው ግን ቀለም የሌለው፣ ከጠርሙስ ስባሪ የማይለይ ነው። ሌባው የሚያምረውን ሰርቆ ይሄዳል፤ የንጉሡን ስም የያዘው እዚያው ጭቃ ላይ ይቀራል። ይህን ግልብጥብጥ በጭንቅላት አስቦ ማምጣት ከባድ ነው፤ ደላንታ ግን በነፃ ሰጥቶናል።

መጠኑን እንሥራ፤ መጠን የሌለው አስማት ወዲያው ይለጠጣልና። 1 ካራት 0.2 ግራም ነው። 20 ካራት የሆነ ድንጋይ 4 ግራም ይመዝናል። አንድ አሥረኛውን ከጠጣ 0.4 ግራም ውሃ ይይዛል። 1 ሚሊ ሊትር ውሃ 20 ጠብታ ያህል ስለሆነ አንዱ ጠብታ 0.05 ግራም ነው፤ ስለዚህ 20 ካራቱ 8 ጠብታ፣ ማለትም 8 ስም ይይዛል። የ5 ካራቱ ቀለበት 2 ስም። የ1 ካራት ፍንጣሪ ደግሞ ግማሽ ጠብታ እንኳ አይችልም፤ ስም ግማሽ አይገባምና ለጌጥ ብቻ ይሸጣል። በዚህ ስሌት የድንጋዩ ዋጋ በመጠኑ ልክ ቀጥ ብሎ አይወጣም፤ ሁለተኛውን፣ ሦስተኛውን ስም በሚያስገባበት ክብደት ላይ እየዘለለ ይወጣል። የ4.9 ካራት ድንጋይ ያለው ሰው ምን ያህል እንደሚበሳጭ ገምቱት።

የሚዛኑ ነገር ሌላም ጥቅም አለው። ደረቅ ሳለ 4.00 ግራም የመዘነው ድንጋይ ዛሬ 4.15 ቢመዝን ሦስት ስም ጠጥቷል ማለት ነው። የማንን ስም እንደሆነ ሚዛን አይናገርም። ለሰላዮች ታሪክ ከዚህ የሚበልጥ ማስረጃ አያስፈልግም፤ ወርቅ አንጥረኛው ሚዛኑን ይዞ ይጠራል፣ ድንጋዩ ይመዘናል፣ የቤተ መንግሥቱን ወሬ ሦስት ሰው ሲያዳምጥ እንደነበር ይታወቃል።

አሞላሉን በዝርዝር ጻፉት፤ አንባቢ እጅ ሲሠራ ማየት ይወዳል። ድንጋዩ ቀለሙ ሙሉ በሙሉ እስኪመለስ ይደርቃል። በንጹሕ ደረቅ ጨርቅ ላይ ይቀመጣል። የሰንበሌጥ ዘንግ ጫፍ ንጹሕ ውሃ ውስጥ ይነከራል፤ ጠብታው ጫፉ ላይ ተንጠልጥሎ ሳለ ስሙ ከነአባት ስሙ ይነገራል፣ ጠብታው ድንጋዩ ላይ ይወድቃል። ሙሉ በሙሉ እስኪሰርግ ሌላ ጠብታ አይጨመርም። ገና ላዩ እርጥብ እያለ ሁለተኛው ከተጨመረ ሁለቱ ስሞች ገና ውጭ ሳሉ ይቀላቀላሉ፤ ያኔ ለወዳጅ የተላከው ቃል ላልተጠራ ሰውም ይደርሳል። በችኮላ የሚሠራ ሰው የሚሠራው ስሕተት ይህ ነው፤ ታሪካችሁ ውስጥ ቢያንስ አንዴ ይሁን።

የአባት ስም ብቻውን ላይበቃም ይችላል። በአንድ ከተማ ስንት ሰው ተመሳሳይ ስምና የአባት ስም አለው? ሁሉም ይሰማሉ። ስለዚህ የአያት ስም ይጨመራል፤ ወይም ማንም የማይጋራው የምሥጢር ስም ያስፈልጋል። የክርስትና ስምን ለማያውቁት ሰው አለመንገር በእኛ ዘንድ የኖረ ልማድ ነው። በፈጠራችሁት ዓለም እናቶች ለልጆቻቸው ለምን ሁለተኛ ስም እንደሚያወጡና ለምን በጆሮ ብቻ እንደሚነግሯቸው አሁን ምክንያት አገኛችሁ። አንድ ነገር ግን ልለምናችሁ፦ የቤተ ክርስቲያንን ወይም የመስጊድን ሥርዓት እንዳለ ቀድታችሁ የአስማት ማብሰያ አታድርጉት። ጠብታው ተራ የምንጭ ውሃ ይሁን። አንባቢያችሁ የሚያከብረውን ነገር ለመሣሪያ ማዋል ድንጋዩን አያከብረውም።

አሁን ወደ ብልሽቱ። ታሪኩ ያለው እዚህ ነው።

የመጀመሪያው መድረቅ ነው። ውሃው ሲተን ስሙም ይሄዳል። ቆላ ላይ፣ በሞቃት ነፋስ፣ ድንጋዩ በጥቂት ሰዓት ይነጥፋል፤ ደጋ ላይ በጉም ውስጥ ቀናት ይቆያል። በዚህ ምክንያት ብቻ የደጋው መንግሥት ከቆላው ይበልጣል፤ አዋጁ ሩቅ ይደርሳል፣ ሠራዊቱን ከድንኳን ሆኖ ያዛል። ቆላ የወረደ አዛዥ ግን ከሰዓት በኋላ ድምፁን ያጣል። ድንጋዩ አጓት ሲመስል ስሙ ሊወጣ ተቃርቧል፤ ባለ ስሙም ቃሉን የሚሰማው ተቆራርጦ ነው። "አትግቡ" የሚለው "ግቡ" ሆኖ ሊደርስ ይችላል።

እርጥበቱን ለማቆየት ሰው ምን ያደርጋል? እርጥብ ጨርቅ ላይ ጠቅልሎ በቆዳ ከረጢት ይይዘዋል። ጨርቁ ከመጠን በላይ ከራሰ ስም ያልተነገረበት ውሃ ወደ ውስጥ ይገባና ከስሙ ውሃ ጋር ይለዋወጣል፤ ድምፁ ይቀጥናል። ጨርቁ ከደረቀ ደግሞ ድንጋዩን ይመጥጠዋል። ትክክለኛው ተጨምቆ ከእንግዲህ የማይንጠባጠብ ጨርቅ ነው፤ በየጥቂት ሰዓቱ የሚታይ። ይህን ብቻ የሚሠራ ሰው በእልፍኙ ይኑር፤ ሌሊት የሚነሣ፣ እንቅልፍ ያጣ ልጅ።

ሁለተኛው መሰነጣጠቅ ነው። እውነተኛው ኦፓል በድንገት ሲሞቅ ወይም ጠጥቶ በፀሐይ ሲደርቅ ላዩና ውስጡ እኩል አይኮማተሩም፤ ላዩ ሲኮማተር ውስጡ ገና የሞላ ነው። በዚያ መጓተት ቀጭን ስንጥቅ እንደ ሸረሪት ድር ይዘረጋል። ስለዚህ በጥላ፣ በቀስታ ይደርቃል፤ ምድጃ ዳር ማስቀመጥ ነውር ነው። በታሪካችሁ ውስጥ ሸረሪት የገባበት ድንጋይ ስም መያዙን ባያቆምም ያፈሳል፤ ስሙ በአጠገቡ ለቆመ ሰው ሁሉ ይሰማል።

ሦስተኛው ቆሻሻ ነው፤ ይህን ጸሐፊዎች ይረሱታል። ውሃ የሚጠጣ ድንጋይ ዘይትም፣ ላብም፣ ሽቶም፣ ቀለምም ይጠጣል። ውሃ ይወጣል፤ ቅባት ግን ይቀራል፣ ድንጋዩም ቢጫ ይሆናል። እውነተኛ የደላንታ ኦፓል ቀለበት ያደረገ ሰው እጁን በቅባት ሲያሽ፣ ዕቃ ሲያጥብ ማውለቅ ያለበት በዚህ ምክንያት ነው። በምናቡ ዓለም ቅባት የያዘው ቀዳዳ ስም አይገባበትም። በቅቤ እጅ የተነካ የ8 ስም ድንጋይ ቀስ በቀስ 7፣ ከዚያ 6 ይሆናል። የነገሥታቱ ድንጋይ ያዦች ቅቤ አይበሉም፣ ፀጉራቸውን አይቀቡም፤ ሰው በሩቅ ያውቃቸዋል።

አራተኛው ጭረት። ኦፓል በሞስ የጥንካሬ መለኪያ ከ5 እስከ 6.5 ነው፤ ኳርትዝ 7። ተራው የመንገድ አቧራ ውስጥ ኳርትዝ አለ፤ ስለዚህ አቧራ በነካው ጨርቅ መወልወል ድንጋዩን ያደበዝዘዋል። መጀመሪያ በለስላሳ ላባ ይራገፍ፣ ከዚያ ይወልወል።

መገኛውንም ከእውነተኛው ውሰዱ። ኦፓል የሚፈጠረው የእሳተ ገሞራ አመድ የተጋገረበት ድንጋይ ሲበሰብስ ሲሊካው በውሃ ሟሙቶ ወርዶ በስንጥቁና በቀዳዳው ውስጥ ሲረጋ ነው። ደላንታ ላይ ይህ የሆነው በአንድ የተወሰነ ንጣፍ ውስጥ ነው፤ ከሥሩ ያለው ሸክላማ ንጣፍ ውሃውን አላሳልፍ ስላለ እዚያው ተቋጠረ። ንጣፉ አግድም ስለሆነና ሸለቆው ስለቆረጠው፣ ቆፋሪዎች በገደሉ ወገብ ላይ ያንኑ ከፍታ ተከትለው ዋሻ ይቆፍራሉ። ዋሻው ጠባብ ነው፤ ድጋፍ ከሌለው ይደረመሳል፣ ሰው የገደለባቸው ጊዜያትም አሉ። ክረምት ድንጋዩ ሲርስ አደጋው ይብሳል።

ከዚህ አንድ ሴራ ልስጣችሁ። ሸለቆ አንድን ንጣፍ ሲቆርጠው ከወዲህና ከወዲያ ያለው ንጣፍ አንድ ነው። ሁለት መንደር፣ አንድ ገደል፣ በሁለቱም አፋፍ በተመሳሳይ ከፍታ ጥቁር የዋሻ አፎች ይታያሉ። አንደኛው መንደር አዲስ አፍ ሲከፍት ሌላው ቆሞ ያያል። ካርታ ስትሥሉ ማዕድኑን "አንድ ተራራ ሥር" ከማድረግ ይልቅ እንዲህ በመስመር ዘርጉት፤ ድንበር፣ ክርክርና ሽምግልና ይወልዳል።

ብርቅነትን በቅጽል አታስረዱ፣ አስሉት። ቁጥሮቹ የፈጠራ ናቸው፣ እንደፈለጋችሁ ቀይሩ። አንድ ቆፋሪ በበጋ 160 ቀን ይሠራል፣ በቀን 25 ሴንቲ ሜትር ይገፋል፤ 40 ሜትር። ዋሻው 1 ሜትር ስፋት፣ ንጣፉ 80 ሴንቲ ሜትር ውፍረት ቢኖረው 32 ሜትር ኩብ ይሆናል። በሜትር ኩብ 5 የኦፓል ድቡልቡል ቢገኝ 160። ከመቶው ዘጠናው ቀለም የለውም፤ 16 ይቀራል። ግማሹ ሲደርቅ ይሰነጠቃል፤ 8። ተቆርጦና ተወልውሎ 20 ካራት የሚሞላው አንዱ ብቻ ቢሆን፣ አንድ ሰው በዓመት አንድ ድንጋይ አወጣ ማለት ነው። 200 ቆፋሪ ካለ በዓመት 200። አሁን ብዙ ጸሐፊ የሚዘለው ጥያቄ ይመጣል፤ ድንጋዩ ስንት ዘመን ያገለግላል? በአማካይ በ7 ዓመት የሚበላሽ ከሆነ በአገሩ ውስጥ በማንኛውም ጊዜ 1,400 ያህል ድንጋይ አለ። የሕዝቡ ቁጥር አንድ ሚሊዮን ከሆነ ለ700 ሰው አንድ ይደርሳል። ይህ የባላባትና የትልቅ ነጋዴ ዕቃ ነው። የንጉሥ ብቻ እንዲሆን ከፈለጋችሁ ቆፋሪውን ወደ 20 አውርዱት፤ 140 ይሆናል። የማይበላሽ ድንጋይ ግን በመቶ ዓመት ውስጥ ተጠራቅሞ ብርቅ መሆኑን ያቆማል። ብልሽት ለብርቅነትም የሚያስፈልገው ለዚህ ነው።

ቆራጩን አትርሱት። እውነተኛው ቆራጭ ድንጋዩን በውሃ እያቀዘቀዘ ከ220 ቁጥር ሻካራ ጎማ ጀምሮ በ600፣ በ1200፣ በ3000 እያለዘበ እስከ 14,000 ይወጣል። ችግሩ ውሃ የሚጠጣው ድንጋይ ሥራው መሐል ቀለሙን ይደብቃል፤ ቆራጩ ምርጡን ገጽ ሳያይ ይቆርጣል። ስለዚህ ደረቅ ሳለ ከየአቅጣጫው አይቶ በእርሳስ ምልክት ያደርጋል። ምልክቱ በውሃ ከጠፋ ቀዩን ፊት አፍርሶ ጀርባውን ያስውባል። የመቁረጫው ውሃም ንጹሕ መሆን አለበት፤ ከሌላ ድንጋይ የወጣ ጭቃ ያለበት ከሆነ ያንኑ ይጠጣዋል። በምናቡ ዓለም ቆራጮች ሥራ ላይ ሳሉ አይነጋገሩም፤ መንኮራኩሩ ላይ የሚንጠባጠበው ውሃ ስማቸውን እንዳይሰማ።

አጭበርባሪውም ከገበያው ይምጣ። የደላንታ ኦፓል በጭስ ታጥኖ ጥቁር ይደረጋል፣ በቀለም ተነክሮ ወይን ጠጅ ወይም ደማቅ ሰማያዊ ይሆናል። ጭሱ ከላዩ ብዙም አይዘልቅም፤ ጫፉ ሲፋቅ ውስጡ ነጭ ነው። ቀለሙ ደግሞ በስንጥቁ ውስጥ ጠቆር ብሎ ይጠራቀማል፣ አሴቶን (የጥፍር ቀለም ማስለቀቂያ) በነካ ጥጥ ሲታሽም ይለቃል። ለምናባችሁ ሦስተኛ ማጭበርበር ጨምሩ፦ ባዶ ውሃ የጠጣ ድንጋይ "የእገሌን ስም ይዟል" ተብሎ ይሸጣል። ጠርቷል፣ ከብዷል፣ ግን ማንም አይሰማም። ገዢው እስኪናገር ድረስ ማወቂያ የለውም፤ ሲናገር ደግሞ ምሥጢሩን ለአየር ነው የሚያወራው።

ኦፓል ካልወደዳችሁ ሌላ ድንጋይ ላይ ይኸው መንገድ ይሠራል። አሌክሳንድራይት በቀን ብርሃን አረንጓዴ፣ በሻማ ብርሃን ቀይ ነው። ኳርትዝ ሲጫኑት ኤሌክትሪክ ያመነጫል፤ ፈረንሳውያኑ ሳይንቲስቶች፣ ወንድማማቾቹ ዣክና ፒየር ኩሪ፣ ይህን ያሳዩት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1880 ነበር። ጥርት ያለ ካልሳይት ከሥሩ ያለውን ጽሑፍ ሁለት አድርጎ ያሳያል፣ ግን ጥንካሬው 3 ብቻ ነው፤ አሲድ ሲነካው ይፈላል። አልማዝ ከሁሉ ጠንካራ ሆኖ ሳለ በትክክለኛው አቅጣጫ ከተመታ ለሁለት ይከፈላል። እውነተኛ ክሪስታል ከመረጣችሁ ማዕዘኑን ጠብቁ፤ የኳርትዝ ዘንግ ስድስት ጎን አለው፣ ትንሽም ይሁን ትልቅ ጎኖቹ የሚገናኙት በ120 ዲግሪ ነው። በምዕራፍ ሁለት ባለ ስድስት የነበረው በምዕራፍ ዘጠኝ ባለ አምስት እንዳይሆን።

የገበያውን ቋንቋ ጻፉት እንጂ ከሌላ አታምጡት። ባዶውን "የጠማው"፣ የያዘውን "የጠጣ"፣ የሚደርቀውን "አጓት"፣ የተሰነጠቀውን "ሸረሪት የገባበት" ብላችሁ ጥሩ፤ እኔ ያወጣኋቸው ናቸው፣ ከተመቿችሁ ውሰዷቸው። ገዢና ሻጭ ሲደራደሩ ሁለት ሚዛን ይኑር፣ የማታና የጠዋት። ሻጩ ምሽት ላይ ድንጋዩን እርጥብ ያቀርባል፤ ከብዶ ይመዝናል፣ ሸረሪቱም አይታይም።

"አባባ፣ ይደርና ጠዋት እንመዝነው።"

"ልጄ፣ ሌሊቱን ማን ይጠብቀዋል?"

"አብረን እንደር። መሐላችን ይቀመጥ፣ ማናችንም ስም አንጥራ።"